ደህና እደሩ የማይባልበት ግቢ

ዓርብ፣ ገና ሳይነጋ፤ ጎንደር አራዳ

ጎንደርን የለቀቅነው ዶሮ ሳይጮህ ነው። መቼም መቀመጥ አልሆነልኝም፤ እናቴ «መቀመጫህን ምን ይነክስሃል?» ስትለኝ ኖራለች። ዛሪማ የእህቴ ልጅ እሑድ ክርስትና ይነሣል። እነሆ፣ ጣሊያን ጥሎት የሄደ የጭነት ማኪና ላይ፣ በአቡጀዲ ጥቅልና በስኳር ጆንያ መካከል ተሰክቻለሁ።

ከጎኔ አያ ወርቁ የሚባሉ የዛሪማ ገበሬ አሉ። ባለቤታቸው እመት ጥሩነሽ ጭድ ላይ ተኝተዋል። ሐኪሙ «ይዘዋቸው ይግቡ፤ ባገራቸው ይሙቱ» ብሏል። አያ ወርቁ ይህን የነገሩኝ ጋቢያቸውን ለባለቤታቸው እየደረቡ ነው።

ዓርብ፣ ከሰዓት፤ ከደባርቅ ወዲያ

አምባ ጊዮርጊስ ነፋስ፣ ዳባት ነፋስ፣ ደባርቅ ነፋስና ሽሮ። ሊማሊሞ አፋፍ ስንደርስ ከጎማው ሥር ጭስ ወጣ።

«ፍሬኑ ነደደ» አለ ሾፌሩ ካሳ። «ውሎ አምባ እናድራለን።»

አያ ወርቁ ፊታቸው በራ። ኋላ ነው የገባኝ፤ ፍሬኑ ባይነድም ሊለምኑት ኖሯል።

ውሎ አምባ ገደል አፋፍ ላይ ያለ አንድ የታጠረ ግቢ ነው። ባለቤቲቱ ወይዘሮ ደስታ በር ላይ ቆማ አስጠነቀቀችን፦ «ሲመሽ ‹ደህና እደሩ› የሚል አፍ ካለ፣ ቀኑ ያልፋል። ማንም ካላለ ነገም ዓርብ ነው። ከአጥሩ ውጭ ላለ ሰው ግን የሚያልፈው ያው አንድ ቀን ነው።»

«የሠራነውስ?»

«የእጅ ሥራ ይመለሳል። ጭንቅላት የያዘው ይቀራል።»

ለዚህ ነው የቆሎ ተማሪ ዳዊት ሊያጠና የሚመጣው። ሽማግሎችም ደም የተቃቡትን እዚህ አምጥተው መጠላላት እስኪሰለቻቸው ያስቀምጧቸዋል። አብሮ የገባ አብሮ ይወጣል፤ የግቢው ሕግ ነው። ሲመሽ አያ ወርቁ «እባካችሁ፣ ማንም እንዳይል» ብለው ለመኑን።

ዓርብ፣ እንደገና

ያው ዶሮ፣ ያው ነፋስ፣ ያው ሽሮ። ምናለ ሐሙስ በገባን! ቅቤ የነካው ነገር አማረኝ። ካሳ ትናንት ያበጀው ፍሬን ነድዶ አገኘው፤ እየተሳደበ ከሥሩ ገባ።

እመት ጥሩነሽን ቀትር ላይ ሕመሙ ያስጮኻቸዋል። አያ ወርቁ እጃቸውን ይዘው፣ እንዴት እንደተጫጩ ያወሯቸዋል። ሲበርድላቸው ሁለቱም ይስቃሉ።

አሁንም ዓርብ

ስንተኛው እንደሆነ አልናገርም፤ አፍራለሁ። አጥሩን ስዞር ሣሩ ተረግጦ ባለቀ ነበር፤ ጠዋት ተመልሶ ይቆማል እንጂ። ስንብቱ ማታ ማታ ምላሴ ጫፍ ይደርሳል፤ ለካ ሰው ያሳደገው ሰው አፉን መያዝ አይችልም! ጥርሱን እንዳመመው አፌን በጋቢ እይዛለሁ።

«አያ፣ ምነው ቢበቃን?» አልኋቸው።

«ልጄ፣ ከዚህ አጥር ውጭ ቅዳሜ አለ። እሷ የሌለችበት ቅዳሜ።»

ተነሥቼ አጥሩን ዞርሁ።

ሌላ ዓርብ

አያ ወርቁ ውኃ ሊቀዱ ሲወርዱ እመት ጥሩነሽ ጠሩኝ።

«አንተ ልጅ፣ መንጎራደድህ ሲያናድደኝ ሰነበተ። አሁን ግን እኔም መሄድ አማረኝ። ያ ሕመም በየቀኑ እንዳዲስ ነው።»

«ለአያ አይነግሯቸውም?»

«ነገርሁ እንጂ። አይሰሙኝም።» «ወተትም አምሮኛል» አሉ።

«ለበሽተኛ እኮ ይፈታል።»

«ሞት ደጄ ቆሞ ጾም ልሻር? ቅዳሜን አምጡልኝ።»

ያን ቀን አልተንጎራደድሁም። ፀሐይዋ ባትጠልቅ ብዬ ተመኘሁ፤ እኔ!

ሲመሽ ደግፈን አስቀመጥናቸው።

«ካሳ፣ ደህና እደር። ደስታ፣ ደህና እደሪ። አንተም መንገደኛ፣ ደህና እደር።»

«ኧረ በእመቤቴ!» ብለው አያ ወርቁ የባለቤታቸውን አፍ ሊይዙ ተንደረደሩ። እመት ጥሩነሽ የባላቸውን እጅ ቀስ አድርገው ያዙት።

«አያ፣ ሸጋ አድርገው ይዘውኛል። ደህና እደሩ።»

አያ ወርቁ ስንብቱን አልመለሱላቸውም። 

ቅዳሜ

ፍሬኑ እንደተበጀ አደረ። አያ ወርቁ ጎሕ ሳይቀድ ሄደው ትኩስ ወተት በቅል ይዘው መጡ። እመት ጥሩነሽ ሁለት ጊዜ ፉት አሉና «ሸጋ ነው» አሉ። ሊማሊሞን ስንወርድ፣ የቆላው ሙቀት ሲቀበለን፣ ባላቸው ጭን ላይ ዐረፉ።

እሑድ፤ ዛሪማ

ጠዋት ክርስትና፣ ከሰዓት ቀብር። ሁለቱም ቦታ እስከ መጨረሻው ተቀመጥሁ፤ እህቴ «አሞሃል እንዴ?» አለችኝ።

ሲመሽ ሰው ሁሉ ከመቃብሩ ተመለሰ። አያ ወርቁን ደግፌ ወደ ቤተ ክርስቲያኑ በር ስወስዳቸው ክንዴን ለቀቁና ዞሩ።

«ጥሩነሽ» አሉ ትኩሱን አፈር እያዩ፤ «ደህና እደሪ።»