የአቀናባሪው ስም

ባለፈው ሰኞ ለልጄ የትምህርት ቤት እርሳስ እየቀረጽኩላት ሳለ የእንጨቱ ሽታ እጄን አቆመው። ደረቅ፣ ትንሽ ጣፈጥ የሚል ሽታ ነው። ልጄ "ማሚ፣ ጨርሺው እንጂ" አለችኝ። እኔ ግን ደቡብ አፍሪካ፣ ዳቬይተን የሚባል ሰፈር፣ እህቴ ሱቅ ውስጥ፣ ከብረት ፍርግርጉ ኋላ ቆሜ ነበር። ከፍርግርጉ ማዶ አንድ አጭር፣ ፀጉራቸው የነጣ ሰው በትንሽ ሰንጢ እርሳስ ይቀርጻሉ፤ ፍቅፋቂው መሬት እንዳይወድቅ ጉልበታቸው ላይ መሐረብ ዘርግተዋል።

አንቺ፣ ተማሪዬ፣ በዋዜማው እሑድ ከኳየር ልምምድ በኋላ ተጠግተሽ፣ "ያንን መዝሙር እንዴት እንዳቀናበርሽው አስተምሪኝ" ብለሽኝ ነበር። ሌላ ቀን ብዬሽ ሄድኩ። ከዚያ ወዲህ እንቅልፍ አልወሰደኝም ብልሽ ማጋነን ይሆናል፤ ተኝቻለሁ። ግን ስነቃ መጀመሪያ የማስበው ጥያቄሽን ሆነ። ስለዚህ ልንገርሽ።

ያኔ ሃያ ሁለት ዓመቴ ነበር። ከሆሳዕና ዙሪያ ከመጣሁ ገና ሁለት ዓመት ሆኖኝ ነበር። ታላቅ እህቴ ሎኬሽን በሚሉት የጥቁሮች መኖሪያ ሰፈር ውስጥ ስፓዛ፣ ማለት ትንሽ የሰፈር ሱቅ፣ ነበራት፤ ዳቦ፣ ወተት፣ ፓራፊን የሚሉትን ላምባ፣ የስልክ ኤርታይም እንሸጥ ነበር። እሑድ እሑድ በታክሲ ጆበርግ ከተማ ገብተን ከሀበሻ ምእመናን ጋር እናመልካለን፤ ለኳየሩ ኪቦርድ የምጫወተው እኔ ነበርኩ። ኖታ አላውቅም፣ በጆሮዬ ነው። ገበያ ሲቀዘቅዝ ትንሿን ኪቦርድ ከባንኮኒው ሥር አውጥቼ እለማመዳለሁ።

እሳቸው የመጡት አንድ ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ ነው። ሙቀቱ የቆርቆሮውን ጣሪያ ያንጣጣዋል። "ሳውቦና" ብለው በዙሉ ሰላምታ ሰጡኝና ቀዝቃዛ ነገር ጠየቁ። ጠርሙሱን ተቀብለው ግን አልሄዱም።

"ቅድም ስትጫወቺው የነበረውን" አሉኝ በእንግሊዝኛ፣ "እንደገና ልስማው?"

የሀዲይኛ መዝሙር ነበር። በእኛ አገር ሰው ተቀብሮ ሕዝቡ ወደ ቤቱ ሲመለስ በመንገድ ላይ ይዘመራል። ማን እንደደረሰው የሚያውቅ የለም። እየተጫወትኩ በለሆሳስ ዘመርኩላቸው። ዓይናቸውን ጨፍነው ከሰሙ በኋላ፣ "እዚህች ቦታ ላይ በአፍሽ ስትዪው ከኪቦርዱ ትንሽ ዝቅ ትያለሽ" አሉኝ። እውነት ነበር። ማንም ልብ ብሎልኝ አያውቅም። "እናንተ አገር እንደዚያ ነው የሚዘመረው? እንግዲያው ያቺን ዝቅታ አትጣያት።"

ከዚያ ስሜን ጠየቁኝ። ሎኬሽን ውስጥ እህቴም፣ እኔም፣ ሱቅ ያለው ሀበሻ ሁሉ ስሙ "ማይ ፍሬንድ" ነው። እሳቸው ደብተር አውጥተው ስሜን በላቲን ፊደል ጻፉና አነበቡት፤ ሲሳሳቱ አረምኳቸው፤ እስኪስተካከል ድረስ ደጋግመው ጠሩት።

ፊሊፒናዊ ነበሩ፤ የኦርኬስትራ መሪና አቀናባሪ። ቅዳሜ ቅዳሜ ከሱቃችን አለፍ ብሎ ባለ አዳራሽ ለሰፈሩ ልጆች ቫዮሊንና ክላርኔት ያስተምራሉ። በሌላው ቀን ቤኖኒ በምትባል አጎራባች ከተማ ውስጥ የበጎ ፈቃደኞች ኦርኬስትራ ይመራሉ፤ ጡረታ የወጡ አስተማሪዎች፣ አንዲት ነርስ፣ አንድ የቧንቧ ሠራተኛ፣ እንዲህ ያሉ ሰዎች ናቸው የሚጫወቱት። ከዚያን ቀን ጀምሮ ማስተማራቸውን ሲጨርሱ ሱቃችን ደጅ የወተት ሳጥን ገልብጠው ይቀመጡና ታክሲ ይጠብቃሉ። ታሪካቸውን የሰማሁት እዚያ ነው፣ በቁርጥራጭ።

የተወለዱባት ትንሽ ከተማ የራሷ ባንድ ነበራት፤ አባታቸው በክብረ በዓልም በቀብርም ክላርኔት ይነፉ ነበር። እሳቸው ማኒላ ሄደው ተማሩ። በወጣትነታቸው ለአንድ ፊልም ሙዚቃውን በሙሉ አቀናበሩ። ፊልሙ የታየ ዕለት እናታቸውን አዲስ ቀሚስ አልብሰው ሲኒማ ቤት ወሰዱ። ስሞቹ በመጋረጃው ላይ ሲያልፉ በእሳቸው ቦታ የሌላ ሰው ስም ነበር። እናታቸው "ፈጥኖ አልፎን ይሆናል" አሏቸው። ይህን ሲነግሩኝ ይስቁ ነበር። ከዚያ በኋላ መርከብ ላይ ሠሩ፣ ሆቴል ውስጥ ሠሩ፣ ለዘፋኞች አቀናበሩ። በመጨረሻ እዚህ ጆበርግ መጥተው በአንድ የካዚኖ ሆቴል ትርዒት ላይ ሃያ ሙዚቀኞች መሩ። ሆቴሉ ሙዚቀኞቹን አሰናብቶ በተቀዳ ሙዚቃ ሲተካቸው ሌሎቹ አገራቸው ገቡ፤ እሳቸው ቀሩ። የሠሩት ሙዚቃ በየቦታው ይሰማል። ስማቸው ያለበት ግን አንድም አልነበረም።

"አናክ" ይሉኝ ነበር። በቋንቋቸው "ልጄ" ማለት ነው።

ኳየራችን ሲዲ ሊያወጣ ሲዘጋጅ ያንን መዝሙር ለኦርኬስትራና ለኳየር እንዲያቀናብሩልን ለመንኳቸው። ሁለት ወር ሠሩበት። በየቅዳሜው አዲስ ገጽ ይዘው ይመጣሉ፤ ቃሉን ያስተረጉሙኛል፣ ደጋግመው ያዘምሩኛል። አንድ ጊዜ፣ "ሰዎቹ ከመቃብር ሲመለሱ በዝግታ ነው የሚራመዱት?" ብለው ጠየቁኝ።

"በዝግታ ነው። ፊት ፊት የሚሄዱት ልጆች ግን ይፈጥናሉ" አልኳቸው።

"እሺ። ቫዮሊኖቹ ልጆቹ ይሁኑ።"

ሲጨርሱ የጠየቁኝ አንድ ነገር ብቻ ነው። "ሲዲው ላይ ስሜን ጻፉልኝ። በትንሽ ፊደልም ቢሆን።"

"በትልቁ ነው እንጂ" አልኳቸው። ስላቸው ከልቤ ነበር።

መዝሙሩን የቀዳነው ቤኖኒ፣ አንድ ትምህርት ቤት አዳራሽ ውስጥ ነው። የወለሉ ሰም ይሸታል፤ ከላይ በመስኮቶቹ በገባው ብርሃን ውስጥ አቧራው ይንሳፈፋል። ኳየሩ በሁለት ታክሲ ተጭኖ መጣ። እጃቸውን ሲያነሱ ያ ሳጥን ላይ የሚቀመጡት አጭር ሰው ረዘሙብኝ። ያቺን ዝቅ የምትለውን ድምፅ ለክላርኔቶቹ ሰጥተዋቸው ኖሮ፣ እዚያ ላይ ሲደርሱ እንደ ሰው አለቀሱ። ከኋላዬ የኳየራችን ሰብሳቢ አፍንጫውን ሲጠርግ ሰማሁ።

ከሁለት ሳምንት በኋላ የሽፋኑ ጽሑፍ ሲዘጋጅ የጠራኝ ያው ሰብሳቢ ነው። "እህቴ፣ የሰውየውን ስም እንዴት ነው የምናደርገው?" አለኝ።

"እንዴት ማለት?"

"ካዚኖ ቤት ሲያጫውት የኖረ ሰው ነው። ምእመኑ ቢጠይቅ ምን እንላለን? መዝሙሩን ያመጣሽው አንቺ ነሽ፣ የደከምሽውም አንቺ ነሽ። በአንቺ ስም ይውጣ። ደግሞ ከእኛ መሐል ሴት አቀናባሪ ብትገኝ ለእህቶችም መበረታቻ ነው።"

እምቢ አላልኩም። በማግስቱ ሽፋኑን በዋትሳፕ ላከልኝ። "ቅንብር" ከሚለው ጎን ስሜ ከነአባቴ ስም በወርቃማ ቀለም ተጽፏል። ከሥሩ "ይታተም?" ይላል። አስገደደኝ እንዳልልሽ። አንዲት ደንበኛ ዳቦ ትጠብቅ ነበር፤ ዳቦዋን ሰጠኋትና ሽፋኑን እንደገና አየሁት። ሲያምር፣ አልኩ በልቤ። "ይታተም" ብዬ ጻፍኩለት።

ሲዲው ታትሞ ሲመጣ ቅዳሜን ፈራኋት። እሳቸው ገና ከመንገዱ ማዶ እጃቸውን ዘርግተው መጡ። በፍርግርጉ ቀዳዳ አቀበልኳቸው። ጽሑፉ ሁሉ በአማርኛ ነው። መነጽራቸውን አድርገው ወደ ብርሃኑ ዞሩ።

"የኔ ስም የቱ ጋ ነው?"

ያን ጊዜ እንኳ ልነግራቸው እችል ነበር። ጣቴን በፍርግርጉ አሾልኬ የራሴ ስም ላይ አደረግሁ። "ይኸውልዎት" አልኳቸው።

በጣታቸው ጫፍ ነኩት። ቆጠሩት። "ሰባት ብቻ? የኔ ስም እኮ ረጅም ነው።"

"የእኛ ፊደል አንዱ ብቻውን ብዙ ድምፅ ይይዛል።" ይህ መልስ እንዴት እንዲያ ፈጥኖ እንደመጣልኝ አላውቅም።

"ጎበዝ ፊደል ነው" አሉ። "ጥሩ አቀናባሪም እንደዚያ ነው፤ በጥቂት ኖታ ብዙ ይናገራል።" ሲዲውን በሁለት እጃቸው ይዘው ሳጥኑ ላይ ተቀመጡ። የሚሳፈሩበት ታክሲ መጣ፤ አሳለፉት። ሁለተኛውንም አሳለፉት።

ሲዲው በቸርች በተመረቀ እሑድ ጥቁር ሱፋቸውን ለብሰው መጥተው ከኋላ ተቀመጡ። እኔ አልጠራኋቸውም፤ ከኳየሩ ልጆች አንዷ ነግራቸው ነው። ሰብሳቢው "አቀናባሪያችን" ብሎ ስሜን ሲጠራ ሕዝቡ እልል አለ። መድረክ ላይ ሆኜ አየኋቸው፤ ስሜን ስለሚያውቁት ሰምተው፣ ቆመው ያጨበጭባሉ። ስንወጣ በር ላይ ጠበቁኝ።

"የኔን ሲጠሩ አልሰማሁትም" አሉኝ። "በእናንተ አጠራር ሲሆን ይለወጣል መሰለኝ።"

"አዎ፣ ይለወጣል" አልኳቸው።

በሚቀጥለው ቅዳሜ ደብተራቸውን ከፍተው አሳዩኝ። ፊደል እንደሚቆጥር ሕፃን ገጹን ሙሉ ስሜን በአማርኛ ፊደል ጽፈውታል። "ትክክል ነው?" አሉኝ። የአንዷን ፊደል እግር አጣመዋት ነበር። ምን እንዳደረግሁ ታውቂያለሽ? አረምኩላቸው።

ከዚያ በኋላ የሚያቀናብሩት ወረቀት ሁሉ ራስ ላይ ያንኑ መጻፍ ጀመሩ። አንድ ቀን እህቴ ባንኮኒው ላይ ትተውት የሄዱትን ወረቀት አንስታ አየች። "እኚህ ሰውዬ ምን ሆነው ነው ስምሽን የሚጽፉት?" አለችኝ። ነገርኳት። የቀረውን ወተት ፍሪጅ ውስጥ ደረደረች።

"ንገሪያቸው" አለች። "ዛሬ ብትነግሪያቸው ነውር ነው። ሲውል ሲያድር ኃጢአት ይሆናል።"

"እነግራቸዋለሁ" አልኳት።

በየሳምንቱ ልነግራቸው እነሳለሁ፤ በየሳምንቱም መዝሙሩ ራቅ ራቅ ብሎ ይሄዳል። ደርባን ያሉ ወገኖች ዘመሩት። ኬፕታውን ያሉት ኳየራቸውን እንዳሠለጥን ጠሩኝ። ከአገር ቤት ሳይቀር "አቀናባሪዋ" እያሉ ደወሉልኝ። አንቺ የምታውቂያት ያቺን ሴት ነው። ኖታ ማንበብ ራሱ የተማርኩት ከዚያ በኋላ ነው፤ ከእሳቸው ነው የተማርኩት፣ አንድ ሰው ቢጠይቀኝ እንዳልጋለጥ ብዬ። እሳቸው ግን ትጋቴን እያዩ ደስ ይላቸው ነበር። "ዘግይተሽ ጀመርሽ፤ ግን ጆሮ አለሽ" ይሉኛል። ዛሬ ለእናንተ የማስተምረው፣ ክላርኔት መቼ ዝም ማለት እንዳለበት የምነግራችሁ ሁሉ፣ የእሳቸው ነው።

ሦስት ዓመት ያህል ቆይቶ እጃቸው መንቀጥቀጥ ጀመረ። ማኒላ ያለችው ልጃቸው "ወደ እኔ ና" አለቻቸው። ሊሰናበቱኝ የመጡ ቀን ዝናብ ሊጥል አፈሩ ይሸት ነበር። ያመጣቸው ታክሲ ሞተሩን ሳያጠፋ መንገድ ዳር ይጠብቃቸዋል። የፍርግርጉን በር ከፍቼ ወጣሁ።

"አንድ ያልነገርኩዎት ነገር አለ" አልኳቸው።

ትከሻዬን ያዝ አደረጉኝ። "አውቃለሁ፣ አናክ። እኔም ትናፍቂኛለሽ።"

ባለታክሲው ጡሩምባውን ነፋ። "እሱ አይደለም" ማለት ነበረብኝ። እንባዬን ጠርጌ ቦርሳቸውን ተሸከምኩላቸው።

አልፎ አልፎ እንጻጻፍ ነበር። ዓመታት ሲያልፉ መልእክቶቻቸው እያጠሩ፣ ከዚያም በልጃቸው እጅ እየተጻፉ መጡ። ባለፈው ዓመት ልጃቸው ማረፋቸውን ነገረችኝ። ለቀብራቸው ሥርዓት ወረቀት እያሳተሙ ነበር። "አባቴ ስሙ በእናንተ ፊደል የተጻፈበትን ሲዲ ከአልጋው አጠገብ አይለየውም ነበር" አለችኝ። "ሊጠይቀው ለመጣ ሁሉ ያሳያል። ወረቀቱ ላይ ስሙን በዚያ ፊደል ልናደርግለት ነው። ትክክል መሆኑን እይልን።" ፎቶ አያይዛለች። በሚንቀጠቀጥ እጅ የተጻፈ ነው። አንዲት ፊደል እንኳ አልተሳሳተችም።

ወረቀት አምጥቼ የእሳቸውን ስም በአማርኛ ጻፍኩ። ያን ሁሉ ዓመት አንድ ጊዜ እንኳ ጽፌው አላውቅም ነበር። ፎቶ አንስቼ ላክሁላት።

ቆየት ብላ መለሰች። "ይኼ እኮ አባቴ ከጻፈው ይለያል።"

ጻፍኩ፣ አጠፋሁ። እንደገና ጻፍኩ፣ አጠፋሁ። አባቷን ገና ላልቀበረች ልጅ ምን ብዬ ልንገራት? እሷ ዝምታዬ ሌላ መሰላት። "የአንቺ ይበልጥ ትክክል እንደሚሆን አውቃለሁ" አለችኝ። "ግን ያኛው የራሱ የእጅ ጽሑፍ ስለሆነ እሱን ብናደርግ ይሻለናል። ይቅርታ አድርጊልን።"

ይቅርታ የጠየቀችው እሷ ናት።

ከቀብሩ በኋላ ወረቀቱን ላከችልኝ። በወጣትነታቸው የተነሱት ፎቶ ነው፤ ቀኝ እጃቸውን አንስተዋል፣ ፊታቸው ያሉት ሙዚቀኞች ሊጀምሩ ዓይን ዓይናቸውን ያያሉ። ከፎቶው ሥር፣ በራሳቸው እጅ፣ የእኔ ስም ከነአባቴ ስም ተጽፏል።