ከኋላ የተሰካው ፍላሽ

ታናሽ ወንድሟን ሰፈሩ «ፎርማት» እያለ ነው የሚጠራው። ስሙን ያገኘው በሥራው ነው። ኮምፒውተር ዘገየ፣ ቫይረስ ገባው፣ ድምፅ አልወጣ አለው፣ ለእሱ መድኃኒቱ አንድ ነው፤ ውስጡ ያለውን ጠራርጎ አጥፍቶ ዊንዶውሱን እንደ አዲስ መጫን። ራሱን ያመመውን ሁሉ አንገቱን ከሚቆርጥ ሐኪም በምን ይለያል? ደንበኛው ደግሞ ማሽኑ ስለፈጠነለት አመስግኖት ይሄዳል።

የጥገና ቤቱን የከፈተችው እህቱ ናት። ሰው በዚያ ሳጥን ውስጥ ምን ምን እንደሚያስቀምጥ ስለምታውቅ፣ ሳይጠይቅ እንዳይነካ አፏ እስኪዝል ነግራዋለች። እሱም እሺ ይላል፤ በአንዱ ጆሮው ሰምቶ በሌላው ያፈሰዋል።

ያን ቀን ዕቃ ገዝታ ስትመለስ የጡረተኛው ሹፌር ኮምፒውተር ጠረጴዛው ላይ ተቀምጧል። ታውቀዋለች። ባለፈው አቧራውን ስታራግፍላቸው የሟች ሚስታቸውን ድምፅ አሰምተዋታል። ሴትዮዋ ታመው በተኙበት የልጅነታቸውን ወግ እየሳቁ ሲያወሩ ነበር የቀዷቸው። ወንድሟ ዊንዶውሱን ጭኖ ሊጨርስ ነው። «ዲ ላይ ያለውን አልነካሁም» አላት፣ እንደ ውለታ። ሽማግሌው «ዲ» የሚባል የዲስክ ክፍል መኖሩን የት ያውቁና! ድምፁ የነበረው ዴስክቶፑ ላይ ነው፤ ዴስክቶፑ ደግሞ አብሮ ከጠፋው ክፍል ውስጥ።

ማሽኑ ተጭኖ አለቀና ሲነሳ ሽማግሌው ለጥገና ያመጡበት ያው ጥቁር ስክሪን መጣ፤ ሲስተም የለም ይላል። ሳጥኑን አዙራ ብታየው ከኋላው፣ ከገመዶቹ መሃል፣ አንዲት ትንሽ ፍላሽ ተሰክታለች። ማሽኑ ከእሷ ላይ ልነሳ እያለ ነበር ያን ሁሉ የሚንገዳገደው። ነቀለቻት፤ ምንም እንዳልነበረበት ተነሳ። ቀድሞም መንቀል ብቻ ይበቃው ነበር። ደሟ ፈላ።

«ማን ከኋላ ያያል እቴቴ?» አላት።

«ጠጋኝ ነዋ! ሌላ ማን እንዲያይ ኖሯል?»

የጠፋ ፋይል የሚመልሰውን ፕሮግራም ከፈተች። ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ ነው፤ የተገኘው ቁርጥራጭ አንዱም አልጫወት አለ። ድንገት ፍላሿ ትዝ አለቻትና ልቧ ዘለለ። ብትከፍታት ባዶ ናት። ባዶ ፍላሽ ሰክቶ የሚተው ሰው ምን ዓይነቱ ነው እያለች ተብሰለሰለች። ሽማግሌው ሲመጡ ማጥፋቱን በገዛ አፉ እንዲነግራቸው፣ እሷ አንዲት ቃል እንደማትተነፍስለት ቁርጡን ነገረችው።

መጡ። ወንድሟ መሬት መሬቱን እያየ፣ እየተንተባተበ ነገራቸው። እሳቸው ግን አልደነገጡም። ጠረጴዛው ላይ ፍላሿን ሲያዩ ጭራሽ ፊታቸው ፈካ።

«አይዞህ ልጄ፣ ችግር የለውም። እህትህ ያኔ ፍላሽ ላይ ያኑሩት ብላኝ ነበር፤ ይኸው ገዝቼ ሰካሁት። ሌሊቱን ሙሉ ሲገባ ነው ያደረው። ጠዋት ነው እንቢ ያለኝ።»

እውነት ነው፣ ብላቸዋለች። በር ላይ ቆማ፣ ሌላ ደንበኛ እየጠበቃት። እንዴት እንደሚገለበጥ ግን አላሳየቻቸውም።

ሽማግሌው ወንበር ስበው ተቀመጡ።

«በይ ክፈቺያት እንጂ ልጄ» አሏት። «እሱም ይስማት።»