ጥገቷ በእኔ ላይ የዋለችበት ፍልሰታ

በእኛ አገር፣ ከጮቄ ተራራ ግርጌ፣ ዝናብ በሚቀርበት ዓመት አንዳንዴ አንዲት ትንሽ ደመና ትወርዳለች። ጥገት እንላታለን፣ እንደምትታለብ ላም። ስፋቷ ከአንድ አውድማ አይበልጥም። አንድ ሰው ትመርጥና ከራሱ በላይ ትቆማለች። ሰውየው ሲሄድ ትከተለዋለች፣ ሲቀመጥ ትቆማለች፤ ከቀትር በኋላም ያለበት ቦታ ላይ ትዘንባለች። ለምን እገሌን መረጠች ብሎ የሚጠይቅ የለም። ጥገት ያለው ሰው ግን ጎረቤቱን ማጠጣት እንዳለበት ሁሉም ያውቃል። ላም የነጠፈችበት ቤት ወተት እንደሚላክለት ማለት ነው።

ያን ዓመት የመረጠችው እኔን ነው።

ዝናቡ የቆመው ጤፉ ከአፈር ብቅ እንዳለ፣ ፍልሰታ ሊገባ ሲል ነበር። ከቅዳሴ ስመለስ ነጠላዬ ራሰ። ቀና ስል ከላዬ ቆማለች። ቤቴ ደርሼ ደጃፉ ላይ ተንበረከክሁ። ባሌን ከቀበርሁ ወዲህ ማሳውን በሰው በሬ ነው የማሳርሰው። ማርቆስ ከተማ የምትማረው ልጄም የምትኖረው በዚያው ጤፍ ነው። እግዚአብሔር አየኝ አልሁ።

ለነፍስ አባቴ ነገርኋቸው። «ስጦታ ነው፤ አመስግኚ» አሉኝ። ሌላ አልጨመሩም። እኔም ማመስገን ያዝሁ። ከቅዳሴ መልስ ማሳዬ ዳር ድንጋይ ላይ ተቀምጬ የጸሎት መጽሐፌን እዘረጋለሁ። ዝናቡ ሲጀምር ጃንጥላዬን እከፍታለሁ። ጤፌ ይጠጣል፤ እኔ አመሰግናለሁ።

ከድንበሬ ማዶ ያለው ማሳ የጎረቤቴ ነው። በዕድሜ ታንሰኛለች። ባሏ ለቀን ሥራ ቆላ ወርዶ ነበርና ሁለት ልጆቿን ይዛ ብቻዋን ናት። ጤፏ ከጫፉ ቢጫ እየሆነ መጣ። ስንተያይ ስለ ጤናችን እንጠያየቃለን፤ ስለ ደመናዋ ግን አንዳችንም አናነሳም። ሳትጠራኝ ደመና ይዤ ማሳዋ ብገባ፣ ፈጣሪ እኔን መረጠ ልትል መጣች እባላለሁ ብዬ ፈራሁ። ብትጠይቀኝ ወዲያው እሄድ ነበር፤ ለራሴ የምለው ይህን ነበር። ከዚህ ሥር ሌላ ሐሳብም ነበረኝ። ድንበሩን ከተሻገርሁ በኋላ ጥገቷ እዚያው ብትቀርስ?

አንድ ቀን ለገበያ ደምበጫ ልሄድ መንገድ ወጣሁ። የባጃጁ ልጅ ሽቅብ አይቶ፣ «እትዬ፣ እርስዎን እጭናለሁ፤ እሷን የት ላስቀምጣት?» አለኝ። የቆመው ሰው ሁሉ ሳቀ፤ እኔም ሳቅሁ። ስመለስ ግን ቀትር አልፎ ስለነበር ዝናቡ መንገድ ላይ ያዘኝ፤ ውሃው በአስፋልቱ ላይ ወረደ። ከመንገዱ ዳር የተቀመጠች ሴት ለጓደኛዋ፣ «እሰይ፣ አስፋልቱም ደረሰው» አለች። አንገቴን ደፍቼ አለፍሁ።

ጾሙ ሊፈታ ሲቃረብ የእኔ ጤፍ አረም በዛበት። በሰፈራችን ተራ በተራ እየተጋገዝን ነው የምናርመው፤ ወንፈል እንለዋለን። ጎረቤቴ ሳልጠራት መጣች። የምመልስላት ነገር እንደሌለ ሁለታችንም እናውቃለን፤ በእሷ ማሳ አረም እንኳ አልበቀለም። ከቀትር በኋላ ዘነበ። እሷ ግን ጎንበስ እንዳለች ቀጠለች።

ሲመሽ ተሰናብታኝ ድንበሩን ተሻገረች። የነቀልነውን አረም ላነሳ ዘወር ስል አየኋት። ነጠላዋን አውልቃ ጤፏ ላይ እየጨመቀች ነበር። ውሃው አንድ ቦታ እንዳያልቅ ትንሽ ትጨምቃለች፣ ፈቀቅ ትላለች፣ ደግሞ ትጨምቃለች። ቀጥላ የቀሚሷን ጫፍ ጨመቀች። ማንም ያያት አልመሰላትም።

እኔ ጃንጥላ ይዤ ነበር።

በማግሥቱ ከቅዳሴ እንደተመለስሁ ድንበሩን ተሻገርሁ። መሬቱ ከእግሬ ሥር ይንኮሻኮሻል። መሀል ላይ ተቀመጥሁ። ጥገቷ ድንበሩ ላይ ቆማ ቀረች። ዞሬ ዞሬ የማየው እሷን ነበር፤ የደረቀው ጤፍ ላይ ተቀምጬ ዓይኔ ደመናዬ ላይ። በዚህም አፈርሁ። ጥቂት ቆይቶ ጥላዋ መጣብኝ።

ጎረቤቴ ከቤቷ ወጥታ ትንሽ አየችኝና፣ «እትዬ፣ ከፍ ብለው ቢቀመጡ ውሃው ወደ ታች ይወርዳል» አለች። ተነሥቼ ወደ ላይ ወጣሁ። ሲዘንብ መጥታ ከጎኔ ተቀመጠች።

«ሱባኤዎን ጨረሱ?» አለችኝ።

የምን ሱባኤ አልኋት።

«መጽሐፍ ይዘው ሲቀመጡ ሱባኤ የገቡ መስሎኝ ነው እንጂ፣ ገና ድሮ እመጣብዎት ነበር። ልጆቹንም እዚያ እንዳትጮሁ ብያቸዋለሁ። ሰው ከፈጣሪው ጋር ተይዞ ሳለ ስለ ጤፍ ይጠየቃል?»

መጽሐፉ ጭኔ ላይ ነበር። በነጠላዬ ሸፈንሁት።

ከዚያ በኋላ በየቀኑ ማሳዋ ዋልሁ። የላይኛው ግማሽ አንሰራራ። ወደ ታችኛው ስወርድ ግን ጥገቷ ሳስታ ነበር፤ አንድ ጧት ቀና ስል የለችም። የታችኛው ጤፍ እንደደረቀ ቀረ። እነዚያን ቀናት በዋዛ ባላሳልፍ ኖሮ ይደርስለት ነበር።

እህሉ ሲገባ ከራሴ ጤፍ ለታችኛው ማሳ ምትክ ይሆናል ብዬ አስጭኜ ወሰድሁላት። «ግማሹ መድረሱም ተመስገን ነው» እያለች እንቢ አለች። ግድ ስላት ተቀበለች፤ ልጆቿንም ጠርታ «የእትዬን ጉልበት ሳሙ» አለቻቸው። ሲጎነብሱ አላስቻለኝም።

«ሱባኤ አልነበረም» አልኋት። «እንዲያው ተቀምጬ ነው። ፈርቼ ነው።»

ሳቅ አለች። «ይህ ትሕትናዎ ነው እንጂ!»

ሁለተኛ ልናገር አፌን ከፈትሁ። ልጆቹ ጉልበቴን ስመው ጨርሰው ቀና ብለው ያዩኝ ነበር። እግዚአብሔር ያሳድጋችሁ ብዬ መርቄ ወደ ቤቴ ሄድሁ።