የመቃኑ ቅጠል

ዛሬ ጠዋት ከእንጦጦ ቅጠል ተሸክመው የሚወርዱ ሴቶች በአጠገቤ ሲያልፉ፣ የባሕር ዛፉ ሽታ እጄን ይዞ ከስድሳ ዓመት በፊት ወደነበረው የየካ ሚካኤል ቤታችን መለሰኝ።

አባቴና እናቴ በጥቃቅኑ ሁሉ ይጨቃጨቁ ነበር። አንድ እሁድ ጎረቤታችን አባባ ዋቅጅራ ሁለቱንም አስቀመጧቸው።

«አትቆጡ አልላችሁም» አሉ ጢማቸውን እያሻሹ። «የተቆጣ ሰው ግን አፉን ከመክፈቱ በፊት የባሕር ዛፍ ቅጠል መቃኑ ላይ ይሰካ። እስኪደርቅ ድረስ ነገሩን የሚያነሳ የለም። ሲደርቅ ቁጭ ብላችሁ ትነጋገራላችሁ።»

«እሺ አባባ» ብለው ተስማሙ።

ቅጠል የተሰካ ዕለት ቤታችን ሌላ ቤት ይሆናል። አባቴ ቀስ ብሎ ይራመዳል፤ እናቴ ወጥ ስታማስል እንኳ አይሰማም። የኮረብታው ጭጋግ ወርዶ ቤት የገባ ይመስለኝ ነበር። ያን ጸጥታ ወደድኩት። አንድ ጊዜ እናቴ የሰካችው ቅጠል መጠውለግ ሲጀምር፣ ማንም ሳያየኝ በእርጥብ ቀየርኩት። በማግስቱም ደገምኩ። አባቴ ቀና ብሎ አይቶ «አሁንም አልበረደላትም» ሲል ሰማሁ። ከዚያ ወዲያ አልነካሁትም፤ ይድረቅና ይነጋገሩ ብዬ ጠበቅሁ።

ከሁለት ቀን በኋላ ጠዋት ስነሳ ቅጠሉ ለምለም ነበር። በማግስቱም እንዲሁ።

ቤቱ ውስጥ ከእኔና ከሁለቱ ሌላ ማንም አልነበረም። የትኛቸው እንደቀየረው ሳልጠይቅ ሁለቱም አለፉ። ሽታው ግን ይኸው፣ መንገዱን ሞልቶታል።