የሚያነክሰው ከበሮ

ዮናዳብ ለታሪክ ዘጋቢ ፊልሞች ሙዚቃ ይሠራል። እንጅባራ ውስጥ ይህን ሥራ የሚሠራ ሌላ ሰው ስለሌለ አንደኛም መጨረሻም እሱ ነው። ኪቦርድ የለመደው ከቤተ ክርስቲያኑ መዘምራን ጋር ነው። ስቱዲዮው ግድግዳዋ በስፖንጅ ፍራሽ የተሸፈነ አንዲት ክፍል ናት። ግድግዳው ድምፅ አያስገባም፤ የቆርቆሮው ጣሪያ ግን የእንጅባራ ጣሪያ ነው፤ ሲዘንብበት ይውላል። በአሥራ አንድ ዓመት በሠራቸው ፊልሞች ሁሉ፣ ንጉሥ ሲነግሥም ድልድይ ሲመረቅም፣ ከጀርባ ዝናብ ይሰማል።

"የአገሩ ታሪክ በሙሉ የተፈጸመው በክረምት ነው እንዴ?" እንለዋለን እኛ ጓደኞቹ።

ዘንድሮ የፈረሰኞችን ታሪክ የሚተርክ ፊልም ደረሰው። እስከ ዛሬ በፊልም መጨረሻ ላይ "እና ሌሎችም" በሚለው ውስጥ ነበር የሚኖረው። አሁን ግን አዘጋጇ ትሕትና ስሙን ለብቻው ልትጽፍለት ቃል ገባች። የቀረው ጋሽ እንየው ሰምተው እሺ እንዲሉ ብቻ ነው። ጋሽ እንየው የሰማንያ ዓመት ፈረሰኛ ናቸው፤ በፊልሙ ዋና ፎቶ ላይ ፈረስ የሚጋልቡትም አባታቸው ናቸው። እምቢ ካሉ ትሕትና ከኢንተርኔት የወረደ ሙዚቃ ልትጭንበት ነው።

ስቱዲዮው ውስጥ ስናሰማቸው ሽማግሌው ላፕቶፑን አላዩም፤ ዓይናቸውን ጨፍነው አዳመጡ። ተራኪው የአባታቸውን ስም ጠርቶ ፎቶው ሲመጣ የዮናዳብ ከበሮ የግልቢያ ምት ጀመረ።

"ምን ነካው?"

"ማን?" አለ ዮናዳብ።

"ፈረሱ። ያነክሳል።"

"ጋሼ፣ ይሄ እኮ ከበሮ ነው።"

"ከበሮም ቢሆን ያነክሳል። የፊት ግራ እግሩን ነው።"

መልሰን አጫውተን ሰማነው። ዮናዳብ ለካ አንዷን ምት ትንሽ አዘግይቷት ኖሯል!

"ለስሜት ብዬ ነው፤ ጥበብ ነው" አለ።

"አባቴን በአንካሳ ፈረስ ሰው ፊት ልታወጣው? ለመሆኑ ፈረስ ላይ ወጥተህ ታውቃለህ?"

"እኔ እንኳ... ባጃጅ ነው የምሳፈረው።"

"በል ነገ ዘንገና ሐይቅ እንገናኝ።"

በማግሥቱ ሐይቁ አጠገብ ባለው ሜዳ፣ ከፈረስ ጀርባ ላይ "ጌታ ሆይ!" ብሎ ሲጮህ ሰማሁት። ከዘመራቸው መዝሙሮች ሁሉ እንዲያ ከልቡ የወጣ የለም። ጋሽ እንየው ከዳር ቆመው "በጆሮህ አትቁጠረው! ወገብህ ይቁጠረው!" ይሉታል።

ሦስት ቀን መቀመጥ አልቻለም። ሙዚቃውን ቆሞ ሠራው።

ሐሙስ ዕለት ሽማግሌው እንደገና ዓይናቸውን ጨፈኑ። ከበሮው ጀመረ። የጋሽ እንየው ተረከዝ የወንበሩን እግር ሁለት ጊዜ ጎሸም አደረገ፣ ፈረሱ እንዲፈጥን።

"ይሂድ" አሉ።

ትሕትና ደስ ብሏት "ከኋላ የሚሰማውን ዝናብ እናጠፋዋለን፣ ጋሼ" አለች።

"ዝናቡን ተይው! ያን ቀን አባቴ በስብሶ ነው ፎቶ የተነሣው።"

ፎቶውን አጉልተን አየነው። የፈረሱ ጋማ አንገቱ ላይ ተለጥፏል።