እንግዳዋ ሕፃን

ነቀምቴ ክሊኒክ ውስጥ፣ ካርድ ጸሐፊ ሆኜ በምሠራበት መስኮት ፊት፣ ከጃንሆይ ፎቶግራፍ ሥር አንዲት እናት ሕፃን ታቅፋ ተቀምጣለች። ከጉቴ በእግሯ እንደመጣች የቀሚሷ ጭቃ ይናገራል። አንገቷ ላይ ሦስት የሕፃን አምባሮች በክር አንጠልጥላለች፤ ሰው የታቀፈቻትን ልጅ ባየባት ቁጥር ትነካካቸዋለች።

የልጅቷን ስም ጠየቅኋት።

«ኬሱማ በሏት፣ ጎፍታ፣ ጌታዬ። እንግዳ ማለት ነው፤ የቤት ልጅ አይደለችም» አለች ጮክ ብላ። ከዚያ ድምጿን ዝቅ አድርጋ፣ «ከሷ በፊት የወለድኳቸውን ሦስቱን በሚያምር ስም ጠራኋቸው። ሞት ስማቸውን ሰምቶ መጣባቸው» አለችኝ።

ደግ የሠራሁ መስሎኝ ካርዱ ላይ «የምሥራች» ብዬ ጻፍኩ።

ተራዋ ሲደርስ የሐኪሙ ረዳት፣ ድሬሰሩ፣ ጮኾ ተጣራ፦ «የምሥራች! የጉቴዋ ሕፃን!»

ሴትዮዋ አልተነሣችም። የልጅቷን ጆሮ በመዳፏ ከድና፣ ማን እንደሚገባ ለማየት ወደ በሩ ዞረች።