መንገድ ዳር የወደቀው ዘር ሦስተኛ ትርጓሜ

ልጅ ሳለሁ፣ ከሚሴ ላይ መብራት ሲጠፋ ደስ የሚለው ሰው ቢኖር እኔ ብቻ ነበርኩ። ሰፈርተኛው በየደጃፉ ወጥቶ «ደሞ ወሰዱት!» እያለ ሲያማርር እኔ በሆዴ እሰየው እል ነበር። መብራት ሲጠፋ የጎረቤት ቴሌቪዥን ጸጥ ይላል፤ እናቴ ደጅ ላይ የማሽላ አገዳ ታነድና ፍሙ ላይ ከጨፋ ሜዳ የመጣ እሸት በቆሎ ትደረድራለች፤ ፋኖሱ መደቡ ጫፍ ላይ ይቀመጣል። ጢሱ ዓይናችንን እያስለቀሰን፣ ወደ ደሴ የሚወጣው የጭነት መኪና አስፋልቱ ላይ እያጓራ እስኪያልፍ ዝም ብለን ጠብቀን፣ ያኔ የአያቴ ትምህርት ይጀመራል።

አያቴን አባባ ነበር የምላቸው። የመጽሐፍ ቤት መምህር ነበሩ። በወጣትነታቸው ዓባይን ተሻግረው ጎጃም ገብተው፣ ለምነው እየበሉ፣ የወንጌልን ትርጓሜ ከመምህራቸው አፍ ቃል በቃል ተቀብለው የመጡ ሰው ናቸው። ይህ ትምህርት የራሱ ጠባይ አለው። መጀመሪያ አንባቢው ግዕዙን ያነባል፤ ከዚያ መምህሩ አንድ ፍቺ ይሰጣል፤ «አንድም» ይልና ሌላ ፍቺ ያመጣል፤ ደግሞ «አንድም» ይላል። የቱ ከየቱ ይበልጣል ተብሎ አይጠየቅም፤ ሁሉም ይያዛል፣ አንዱም አይጣልም። ተማሪ የሰማውን በማግስቱ ሳያጎድል ካልመለሰ አዲስ አይሰጠውም፤ በአባባ ዘንድ ደግሞ ሲመልስ ከማን እንደተቀበለው አስቀድሞ መጥራት አለበት። በየመሐሉ «ታሪክ» ይባልና ፍቺውን የሚያስረዳ ታሪክ ይገባል። ፍቺው አይገባኝም ነበር፤ እኔን ከመደቡ ጋር ያጣበቀኝ ታሪኩ ነው። ስለ ሰነፍ ጠባቂ፣ ስለ ብልህ ነጋዴ፣ የንጉሥን ልጅ ሳያውቅ ስላሳደረ ድኃ ስንቱን ሰማሁ።

የአባባ ዓይን እኔ ሳልወለድ ጠፍቷል። ስለዚህ ንባቡን የሚያነብላቸው ዲያቆን ታደሰ የሚባል ተማሪያቸው ነበር። ከእሱ ሌላ አንድ ቋሚ አድማጭ ነበራቸው፤ ጎረቤታችን ሼህ እንድሪስ፣ የሰፈሩን ልጆች ቁርዓን የሚያስቀሩ ሽማግሌ። መግሪብ ሰግደው ሲመለሱ በደጃችን ማለፍ አይሆንላቸውም።

«አካም ኦልታኒ፣ መምህር?» ይላሉ በኦሮምኛ፣ እንዴት ዋልክ ሲሉ።

«እግዚአብሔር ይመስገን። ና ተቀመጥ፣ በቆሎው ሳያልቅ።»

«እኔ ለበቆሎ የመጣሁ አስመሰልከው እኮ!»

«ታዲያ ለወንጌል ነው?»

ይሳሳቃሉ። ሼህ እንድሪስ በቆሏቸውን ፈልፍለው ይበሉና አገጫቸውን ከዘራቸው ላይ አስደግፈው ዓይናቸውን ይጨፍናሉ። እኔ ያንቀላፉ ይመስለኝ ነበር፤ አባባም ዓይናቸው ባያይም ትንፋሹን ሰምተው «ሼሁ ሄዱ» ይላሉ።

የሦስተኛ ክፍል ተማሪ ሳለሁ ዲያቆን ታደሰ አዲስ አበባ ሥራ አገኘና ሄደ። ሻንጣውን ሚኒባሱ ላይ ሲጭኑለት አባባ መርቀው ሸኙት፤ ቤት ሲገቡ ግን ፊታቸውን ወደ ግድግዳ አዙረው ተኙ። ከዚያ ወዲያ መብራት ቢጠፋም ባይጠፋም ለእኔ አንድ ሆነ። ምሽት ይመጣል፣ አገዳው ይነዳል፣ እሳቸው ዝም። አንድ ቀን አላስችል አለኝና ታሪክ እንዲነግሩኝ ለመንኳቸው።

«ታሪክ የንባብ ልጅ ነው» አሉኝ። «እናቱን ትተሽ ልጁን ብቻ አትጠሪም። አንባቢ የለኝ፣ ምኑን ልናገር?»

«ሌላ ተማሪ ይመጣላ።»

«ከሚሴ ማን ይመጣል? ይህ የመንገድ ከተማ ነው፤ ሁሉ ወደ ደሴ ነው፣ ወይ ወደ አዲስ አበባ ነው። እኔ እኮ መንገድ ዳር የወደቅሁ ዘር ነኝ፣ ልጄ።»

ያቺን ቃል ደጋግመው ይሏት ነበር፤ በሰማኋት ቁጥር አንጀቴን ትበላኝ ነበር። ደግሞም ታናድደኝ ነበር። እኔ ተወልጄ ያደግሁት እዚሁ ነው፤ የትም አልሄድኩ! «እኔ አነብልዎታለሁ» አልኳቸው።

ሳቁ። ክፉ ሳቅ አልነበረም፤ ግን ሳቅ ነበር። «እኔ በተማርኩበት ጉባኤ ሴት ልጅ መጽሐፍ ይዛ ስትቀመጥ አላየሁም።»

ሼህ እንድሪስ ከዘራቸውን ከአገጫቸው አነሱ። «መምህር፣ አንተ ምን ታያለህና ነው አላየሁም የምትል? እኔ ዘንድ ወንዱም ሴቱም የሚጻፍበትን ሰሌዳ፣ ሉሑን ይዞ ይመጣል። ልጄ ፋጡማ ከወንዶቹ በፊት ነው ቁርዓኑን ጨርሳ ያኸተመች። ቢስሚላህ ብለህ አስቀራት!»

«እኛ ቢስሚላህ አንልም።»

«የምትሉትን ብለህ አስቀራታ! ኢንታላ ኮ፣ አንቺም ዝም አትበይ፣ ልጄ። ጨቅጭቂው።»

ጨቀጨቅኳቸው። ምርቃት መቀበል ስመጣም፣ ውሃ ስሰጣቸውም፣ ወደ ቤተ ክርስቲያን እጃቸውን ይዤ ስወስዳቸውም ያው አንድ ነገር ነው። እናቴ «የቀለም ትምህርቷ ይበላሻል» ብላ ተቃወመች፤ በሒሳብ ዝቅ ካልኩ ራሴ እንደምተወው ማልኩላት፤ ዝቅም አላልኩ። በመጨረሻ አባባ በትዕግሥቴ ሳይሆን በንዝንዜ ተረቱ።

ፊደሉን ከትምህርት ቤት አውቀዋለሁ፤ የግዕዝ ንባብ ግን ሌላ ዓለም ሆነብኝ። የሚነሣ ቃል አለ፣ የሚወድቅ ቃል አለ፤ ባጠፋሁ ቁጥር አባባ በከዘራቸው መሬቱን ይመታሉ። አንዳንድ ምሽት ከንባቤ የከዘራው ድምፅ ይበዛ ነበር። ያኔ ዓይኔን በነጠላዬ ጠርጌ፣ ጢሱ ነው እያልኩ፣ ከመጀመሪያው እጀምር ነበር። ትምህርት ቤት ስሄድ በባጃጆቹ መሐል እያነበነብኩ እሄዳለሁ፤ ባለ ባጃጆቹ «መጣች ቄሲቱ» እያሉ ይቀልዱብኝ ነበር። ይቀልዱ! ከዘራው መሬቱን ሳይመታ አንድ ገጽ የዘለቅሁ ቀን አባባ «ቀጥዪ» አሉ። ትርጓሜው ያን ቀን ተጀመረ፤ ታሪኩም ተከትሎት መጣ።

ከዚያ በኋላ ግን ነገሩ ሌላ ሆነ። ታሪኩን ፍለጋ የገባሁት ልጅ ፍቺውን መልሼ መናገር ስላለብኝ ፍቺውን መውደድ ጀመርኩ። አባባ አንዱን ቃል ይዘው፣ እንደ ጥሩ ገበሬ ማሳውን ደጋግመው ሲያርሱት ማየት ደስ ይላል። ሼህ እንድሪስም መደቡን አልለቀቁም፤ በቆሎ በማይኖርበት ወራትም መጡ።

ዘሩን ሊዘራ ስለወጣው ሰው የሚናገረው ምዕራፍ ላይ የደረስነው የጨፋ ማሽላ በሚታጨድበት ሰሞን ነው። አገሩ ሁሉ ገለባ ገለባ ይሸታል። አነበብኩ። አባባ መንገድ ዳር ስለወደቀው ዘር ሲጀምሩ፣ እንደ ልማዳቸው፣ «ይህ ሦስት ነው» ብለው ቁጥሩን አስቀደሙ። የመጀመሪያውን ሰጡ፤ መንገድ የተባለው ሁሉን የሚሰማ፣ ምንም የማያስቀር ልብ ነው። «አንድም» አሉና ሁለተኛውን ሰጡ፤ መንገዱ ከብዙ ሰው ጋር መዋል ነው፣ ወፎቹም ወሬ ናቸው። ከዚያ «አንድም» አሉ።

ጠበቅሁ። ፍሙ ተሰነጠቀ። «አንድም» አሉ እንደገና፤ ድምፃቸው ዝቅ አለ። ጉድጓድ ሊዘል ወደ ኋላ እንደሚያፈገፍግ ሰው ከመጀመሪያው ፍቺ ጀምረው በሁለተኛው በኩል መጡና እዚያችው ቦታ ቆሙ። አባባን ፈርተው ያየኋቸው ያን ምሽት ነው።

«ሄደ» አሉ። «የመምህሬ ነበር። በሌላ ጉባኤ አልሰማሁትም፤ መምህሬም የሉ። ታደሰም ገና ልጅ ሆኖ አንዴ ነው የሰማው፣ እሱ አይዘውም። በኔ አፍ ጠፋ ማለት ነው።» ወደ እኔ ዞረው «ዝጊው፣ ልጄ። መንገድ ዳር የወደቀ ነገር ይኸው ነው» አሉ።

አልዘጋሁትም። የማውቀው ንባብ ከፊት ከሄደ ትርጓሜ ተከትሎ እንደሚመጣ ብቻ ነበር፤ ያስተማሩኝም እሳቸው ናቸው። እንደገና አነበብኩት። ፊታቸውን አዞሩ። እንደገና አነበብኩት። «ዝጊው አልኩሽ!» አሉ በቁጣ። እንባዬ ፊደሉን እያደበዘዘብኝ ለሦስተኛ ጊዜ ጀመርኩ። እስኪነጋም ቢሆን አነብ ነበር።

«መንገዱ መጀመሪያ መንገድ አልነበረም» አለ አንድ ድምፅ።

ሼህ እንድሪስ ናቸው። ዓይናቸው እንደተጨፈነ ነው።

«መንገዱ መጀመሪያ እርሻ ነበር፤ የሰው እግር ነው ያደደረው። ስለዚህ ዘሩ ሳይበቅል ቢቀር መሬቱን ክፉ አትበለው፤ የሚረግጠውን እግር መልስና እረሰው። ታሪክ። ወደ ባቲ ገበያ በሚወስደው መንገድ ዳር መሬት የነበረው አንድ ገበሬ ነበር። መንገደኛ እያቋረጠ ቢያልፍበት መሬቱ ድንጋይ ሆነ፤ ጎረቤቱ ሁሉ ተወው፣ ሞቷል አለው። እሱ ግን መንገደኛውን አልረገመ። መተላለፊያውን በእሾህ አጥሮ፣ ማረሻው እስኪሰበር አረሰው። በዓመቱ ከማሳው ሁሉ የበለጠ ማሽላ የወጣው እዚያ ላይ ነው። ለምን? ያን ሁሉ ዘመን ያለፈው የገበያ ግመልና አህያ ፋንድያውን ጥሎበት ኖሯል። የረገጡት ናቸው ያደለቡት።»

አባባ ያኔ የተናገሩትን መቼም አልረሳው፤ «ገበያው ባቲ አይደለም!» አሉ።

«እኔ የማውቀው ገበያ ባቲ ነው። የቀረውን ግን አልነካሁትም፣ ወላሂ።»

«ከማን ሰማኸው?»

«ካንተው ነዋ! ታደሰ ያነበበ ጊዜ።»

«አንተ ተኝተህ ነበር!»

«ዓይኔ ነው የተኛ» አሉ ሼህ እንድሪስ። «መምህር፣ ካንተ መጽሐፍ የማልስማማበት አለ፤ ይህን አንተም ታውቀዋለህ። ግን የሰው ቃል አማና ነው፣ አደራ ነው። ያስቀመጥከውን መጥተህ ስትጠይቀኝ የለም ልበልህ?»

አባባ እጃቸውን ዘርግተው በጨለማው ሲዳብሱ የሼሁን ትከሻ አገኙ፣ ያዙትም። ሲስቁ ይሁን ሲያለቅሱ አልለየሁም፤ እኔ ግን አለቀስኩ፣ ጢሱም ሰበብ አልሆነኝም። ከዚያ ቀና ብለው ሦስተኛውን ፍቺ ከነታሪኩ በራሳቸው ድምፅ፣ በጉባኤው ዜማ፣ ከዳር እስከ ዳር ተናገሩት። «አሁን መልሺው» አሉኝ፤ እስከ ነገ መጠበቅ አልፈለጉም። መለስኩት። እስከ ዕለተ ሞታቸው መንገድ ዳር የወደቅሁ ዘር ነኝ ሲሉ ዳግመኛ አልሰማኋቸውም።

አባባ ካረፉ በኋላ የጎደለኝን ልጨርስ አዲስ አበባ ወዳለ ጉባኤ ገባሁ። ከብዙ ወንዶች መሐል ሴቶች ጥቂት ነበርን፤ ለምጄዋለሁ። በመጨረሻ በሊቃውንት ፊት ስመልስ ያው የዘሪው ምዕራፍ ደረሰኝ። ሁለቱን ፍቺ ሰጥቼ «አንድም» ስል ሁሉም ቀና አሉ፤ በእነሱ ጉባኤ ሁለት ነው። ስጨርስ መሪው መምህር፣ ደግ ሽማግሌ፣ «መልካም ነው። ከማን ተቀበልሽው?» አሉኝ።

«ከአያቴ። አያቴ ከሼህ እንድሪስ። ሼህ እንድሪስ ከአያቴ። አያቴ ከመምህራቸው።»

አንዱ ሳቁን መቆጣጠር አቃተው። ዘመኑም የከፋበት ጊዜ ነበር፤ ጎረቤት ጎረቤቱን በጥርጣሬ የሚያይበት፤ የከሚሴ ስም በተጠራ ቁጥር ሰው የሚያዝንልኝ ወይ የሚሸሸኝ። ሽማግሌው ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው፣ ለእኔው አስበው፣ «ልጄ፣ ከአያቴ በይና ተይው። ሐሰት አይደለም። ፍቺውም ያልፍልሻል፣ አንቺም ታልፊያለሽ» አሉኝ።

ሐሰት አልነበረም። ግን ያ ምሽት፣ ያ በጨለማው የዳበሰ እጅ ታወሰኝ። «አይሆንልኝም፣ አባቴ» አልኩ። «ከእነዚህ አንዱ ባይኖር ፍቺው እኔጋ አይደርስም ነበር። ካላለፍኩም ልቅር።»

ሽማግሌው ስሞቹን በጣታቸው ቆጠሩ። «አያትሽ እኮ ሁለት ጊዜ ገቡ» አሉ በመጨረሻ።

«ሁለት ጊዜ ተቀብለውታል።»

ሽማግሌው ራሳቸውን ነቀነቁ። «ቀጥዪ» አሉኝ።

አሁን ከሚሴ ተመልሼ፣ ቀን በትምህርት ቤት አስተምሬ፣ ማታ በዚያው መደብ ላይ እቀመጣለሁ። የሚመጡት ልጆች አንዳንዴ ብዙ ናቸው፣ አንዳንዴ አንድ። ከመካከላቸው ወደ ደሴም ወደ አዲስ አበባም የሚሄዱ አሉ፤ ይሂዱ፣ ማረስ የኔ ነው። ሼህ እንድሪስ በጣም አርጅተዋል፤ የልጅ ልጃቸው እጃቸውን ይዞ ያመጣቸውና አገጫቸውን ከከዘራው ላይ አድርገው ይጨፍናሉ። ባለፈው ሰሞን አንዲት ትንሽ ልጅ የዘሪውን ምዕራፍ ስትመልስ፣ ከእኔ ጀምራ ስሞቹን አንድ በአንድ ጠርታ፣ አባባን ሁለት ጊዜ አስገብታ፣ አንዱንም ሳትጥል ጨረሰች። ታሪኩ ላይ ስትደርስ ትንሽ አመነታችና ገበያው የት እንደነበር ጠየቀችኝ።

አፌን ሳልከፍት ከመደቡ ጫፍ፣ ዓይን እንደተጨፈነ፣ «ባቲ» የሚል ድምፅ መጣ።